ጎረቤታችን የሚሞትበት ፊልም

«የምሥራች፣ አፓ፣ የምሥራች» እያልኩ ግቢውን አቋርጬ ስሮጥ አንዱ የጎማ ጫማዬ የመንገዱ ዳር ቦይ ውስጥ ቀረ። አልተመለስኩለትም። ምሥራች የያዘ ሰው ለጫማ ከተመለሰ ሌላ ልጅ ይቀድመዋል፤ የቀደመ ደግሞ ስጦታውን ይወስዳል። የአልማ አታ ከተማ ልጅ ይህን ፊደል ሳይቆጥር ነው የሚያውቀው።

«አፓ» የምንላቸው አሮጊቷ ጎረቤታችን ካምሻት ከእናቴ ጋር ደጃፋችን ላይ ተቀምጠው ለብርዱ ወራት የሚቀመጥ ፖም ይመርጡ ነበር። ጠባሳ ያለው ለብቻ፣ ደህናው በጋዜጣ ተጠቅልሎ ሣጥን ውስጥ። ድምፄን ሲሰሙ አፓ ምንም አልጠየቁኝም። በእኛ ዘንድ መጀመሪያ ይሰጣል፣ ከዚያ ይጠየቃል። ከጥቁር ከፋይ ሰደርያቸው ላይ አንዱን የብር ቁልፍ በጥርሳቸው በጥሰው መዳፌ ላይ አስቀመጡልኝ።

«ምሥር ብዪ፣ ግልገሌ። በይ እንስማ።»

«ቶክታስን አጋ ሊሞት ነው» አልኩ።

የእናቴ እጅ ፖሙ ላይ እንዳለ ቀረ።

«ምንድን ነው ያልሽው አንቺ?»

«ሊሞት ነው። ያሁኑ እንደ በፊቱ አይደለም፤ ረጅም ሞት ነው አሉ። በረዶ ላይ። የስቱዲዮው ሹፌር ነው የነገረኝ፤ ገና ከመኪናው ሳይወርድ ነው የሮጥኩት።»

እናቴ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ እያለቀሰች መሰለኝ። አፓ ግን ፖማቸውን በእርጋታ ጠቅልለው ሣጥኑ ውስጥ አኖሩ።

«መርዶ በሌላው ቤት በለቅሶ ይመጣል» አሉ። «የእኔ ቤት በሩጫ መጣ።»

ነገሩ ደስ ይበላቸው ይክፋቸው ስላልገባኝ ቁልፉን ዘርግቼ «ልመልሰው?» አልኳቸው።

«የተሰጠ አይመለስም። ሂጂ ጫማሽን ፈልጊ።»

ከእኛ ቤት በታች የሚኖረው ጎረቤታችን፣ የአፓ ልጅ ቶክታስን፣ እንደ ታላቅ ወንድም «አጋ» የምንለው፣ የፊልም ተዋናይ ነበር፤ ሥራውም መሞት ነበር። ከገጠር የመጣው በፈረስ ነው። ስቱዲዮው ከሚጋልብ ፈረስ ላይ መውደቅ የሚችል ሰው ቢፈልግ አጣ፤ ቶክታስን ወደቀ፣ አወዳደቁ ተወደደለት፣ በዚያው እንጀራው ሆነ። ሦስተኛው ሽፍታ ሆኖ ጀምሮ የሽፍቶች አለቃ ደረሰ። ይህ ቀላል ዕድገት አይደለም፤ ሦስተኛው ሽፍታ ፊልሙ ሳይጋመስ ይሞታል፣ አለቃው ግን እስከ መጨረሻው ይቆያል። ከገደል ተወርውሯል፤ ኢሊ ወንዝ ውስጥ ሰምጧል፤ በገዛ ጅራፉ ታንቋል፤ ቀይ ጦር ያልተኮሰበት ጊዜ ደግሞ ድሆች በአካፋ ተነሥተውበታል። ፊልሞቹ ሞስኮ ሲታዩ አንድ ሩሲያዊ ድምፁን ይናገርለት ስለነበር፣ በዚያ አገር የሚያውቁት እንደ ፕሮፌሰር የሚናገር ሽፍታ አድርገው ነው። እኛ ሰፈር ሥጋ ሻጩ ይፈራውና ደህና ደህናውን ይቆርጥለት ነበር።

በሬሳነት ግን ወደር አልነበረውም። አፍንጫው ላይ ዝንብ ብታርፍ፣ ፈረስ አጠገቡ ቢያነጥስ፣ ቶክታስን አንዴ ከሞተ ሞተ ነው። ሌሎች ተዋንያን መሞት ሊማሩ ይመጡበት ነበር። ሚስቱ «ከሬሳ ጋር አልኖርም» ብላ ጥላው ሄዳ የሒሳብ ሠራተኛ አገባች ይባላል፤ እናቴ ግን «የሄደችው ከሞቱ አይደለም፣ ከደመወዙ ነው» ትል ነበር።

አፓ ደግሞ ልጃቸው ፊልም ላይ በሞተ ቁጥር በግ ያሳርዱ ነበር። በጉ ከገጠር ዘመድ ዘንድ ይመጣል፤ የከሰል ማስቀመጫችን ውስጥ ያድራል፤ ጧት ታርዶ ሥጋው ለየጎረቤቱ ይታደላል። ጭንቅላቱ ተቀቅሎ ሲቀርብ ጆሮው የልጅ ድርሻ ነው፤ በፎቃችን ደግሞ አፓ እንደ ልጃቸው የሚያዩት እኔን ነበር። ስለዚህ የእኔ ስሌት ቀላል ነበር። ቶክታስን አጋ ጥሩ አድርጎ ይሞታል፤ እናቱ ይደሰታሉ፤ በግ ይታረዳል፤ ጆሮ ይመጣል። ሹፌሩ «ረጅም ሞት» ሲለኝ በሐሳቤ የመጣው ትልቅ በግ ነው።

በጉ ቤዛ መሆኑ የገባኝ ራሴ ልጆች ከወለድኩ በኋላ ነው። አፓ አንድ ቀን ለእናቴ «ውሸት መሆኑን እኔ አውቃለሁ፤ ሞት ያውቃል ወይ?» ሲሏት እዚያው ነበርኩ። ግን ጆሮ የሚያኝክ ልጅ ምን ይሰማል።

አፓ ከልጃቸው ፊልሞች አንዱንም አይተው አያውቁም።

ቶክታስን በዚያ ቀን አመሻሽ ላይ መጣ። ክንዱ ላይ ግራጫ የወታደር ካፖርት ነበር። ሻይ ልናቀብል ገብተን እኔና እናቴ እዚያው ነበርን።

«አገኘሁት፣ እናቴ» አለ። ሳይቀመጥ ነው የሚናገረው። «ሽፍታ አይደለሁም። ወታደር ነኝ፣ ሞስኮን የሚጠብቅ። ፊልሙ ሲጀምር እኔ ነኝ፣ ሲያልቅም እኔ ነኝ።»

«ሲያልቅ እንዴት ነህ?»

ወደ እኔ አየ። «ቶርግን ነግራሻለች አሉ።»

«ሽፍታ ሁን» አሉ አፓ። «ለሽፍታ በግ አለኝ። ለዚህ ምርቃት የለኝም።»

ሳቅ ፈልጎ ዙሪያውን አየ፤ የሳቀ ሰው አልነበረም። ቶክታስን የፓርቲ መታወቂያ በደረት ኪሱ ይዞ የሚዞር ሰው ነው፤ ሆኖም እናቱ ሁለት መዳፋቸውን ዘርግተው ሳይመርቁት ከከተማ ወጥቶ አያውቅም። ከመካከላችን ሳይመረቅ የሚወጣ የለም። ቤታችን ስንገባ እናቴ ለአባቴ «አርባ ዓመቱ ነው» ስትል ሰማኋት። «ይኼ ካመለጠው ጡረታ እስኪወጣ ከፈረስ ሲወድቅ ሊኖር ነው። ወገቡም አይችልለት።»

ቶክታስን አዲስ ልብስ ሲሰጠው ቤት አምጥቶ ለብሶት የመሰንበት ልማድ ነበረው፤ ሰውነቱ ላይ እንግዳ እንዳይሆን። ያን ካፖርት ለብሶ ዳቦ ይገዛ ነበር። በማግስቱ ወደ ስቱዲዮ ሲሄድ ኮሪደሩ ውስጥ ሰቅሎት ወጣ። እኔ ስኳር ልበደር ስገባ አፓ ካፖርቱን ገልብጠው ጉልበታቸው ላይ አድርገውታል። ጣቶቻቸው በገበሩ ላይ ቀስ ብለው ይሄዳሉ፤ በብብቱ ሥር፣ በኮሌታው ውስጥ፣ በጫፉ ዙሪያ። አንድ ቦታ ሲደርሱ ቆሙና በጥፍራቸው ጫሩት። ከዚያ ተዉት።

«አፓ፣ ከረሜላ አለው?»

«የለውም፣ ግልገሌ» አሉ። «ምንም የለውም።»

ከራሳቸው ኪስ ግን ከረሜላ ሰጡኝ፤ ስለዚህ ነገሩን እዚያው ረሳሁት። ትርጉሙ የገባኝ እየቆየ ነው። አፓ ከቶክታስን በላይ ሁለት ልጆች ነበሯቸው፣ ዱይሰንና ዣኪያ። ሁለቱም ለጦርነቱ ሄደው የት እንደገቡ ሳይታወቅ ቀሩ። ሲሄዱ አፓ በየሸሚዛቸው ውስጥ ሦስት ማዕዘን ክታብ ሰፍተውላቸዋል። ስቱዲዮው ካፖርቶቹን ከድሮው የጦር ማከማቻ እንደሚያመጣቸው ደግሞ ቶክታስን ራሱ በኩራት ነግሯቸዋል። አንዱ ልጅ ብልህ ሆኖ ክታቡን ወደ ካፖርቱ አዛውሮት እንደሆነ ብለው፣ ያን ቀን ይፈልጉ የነበረው የገዛ ስፌታቸውን ነበር። ሬሳው ያልመጣ ሰው በእኛ ዘንድ አይለቀስም። ሙሾ ካወረድክለት በሩን ዘጋህበት ማለት ነው። አፓ በሩን እንደከፈቱ ከሃያ ዓመት በላይ ተቀምጠዋል፤ በዚያ በር የገባው ግን ሦስተኛው ልጃቸው ነው፣ የሁለቱን ካፖርት ይዞ፣ እየሳቀ።

ዳይሬክተሩ ራሱ ሊለምን መጣ። ሳፓርጋሊ ይባላል፤ ሞስኮ የተማረ፣ የቆዳ ጃኬት የሚለብስ፣ ሲናገር በእጁ በአየር ላይ አራት ማዕዘን የሚሠራ ሰው። የክብር ቦታ ላይ ተቀመጠ። እናቴ ሊጥ በዘይት እየጠበሰች ታወጣለች፤ እኔ የሻዩን ጣሳ ከእጅ ወደ እጅ አቀብላለሁ።

«እናታችን፣ ልጅዎ ትልቅ ተዋናይ ነው» አለ።

«አውቃለሁ። ስንት በግ እንዳስወጣኝ የማውቀው እኔ ነኝ።»

«ይኼን ሥራ ከሠራ አገር ሁሉ ያውቀዋል።»

«ሲሞት ፊቱ ይታያል?»

«ይታያል» አለ ሳፓርጋሊ፤ እጁ አራት ማዕዘኑን ሠራ። «ስክሪኑን ሞልቶ። በረዶ ላይ፣ ዐይኑ ተከድኖ፣ ዝም ብሎ። ሰው ሁሉ ይንሰቀሰቃል።»

«እንዳይታይ አድርገው።»

«እናታችን፣ ፊልሙ የሚሠራው እኮ ለዚያች ቅጽበት ነው።»

«እንግዲያው እግሩን ምታው። አንካሳ ሆኖ ይመለስ። እናቱ አንካሳውን አትጠላም።»

«ታሪኩ እንደዚያ አይደለም።»

«ታሪኩን የጻፈው ማነው?»

«እ... እኔ ነኝ።»

«ታዲያ ማንን ትለምናለህ?»

ቶክታስን አንገቱን ደፍቶ ምንጣፉን ያያል። ሳፓርጋሊ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ከፍሩንዜ ከተማ የመጣ ሌላ ጎበዝ ተዋናይ ሆቴል ተቀምጦ እንደሚጠብቅ፣ እሱም እስከ ዓርብ ብቻ መታገሥ እንደሚችል ተናገረ። አፓ ጣሳውን ተቀበሉትና ሻዩን እስከ አፉ ጢም አድርገው ሞልተው መለሱለት። ሳፓርጋሊ ጣሳውን አየ፣ ፊቱ ቀላ፣ ሁለቴ ጎንጨት ብሎ ኮፍያውን አነሣ። እኔ አፓ ደግ መሆናቸው ደንቆኝ ነበር፤ እንዲያ ላስቀየማቸው ሰው ሙሉ ሻይ። ለሚወደድ እንግዳ ትንሽ ትንሽ እየተደረገ ደጋግሞ እንደሚቀዳ፣ ሙሉ ጣሳ ግን «ጠጣና ሂድ» ማለት እንደሆነ የተማርኩት ከባሌ እናት ነው፣ እሷው ለእኔ ሞልታ ስትቀዳልኝ።

ዳይሬክተሩ ከወጣ በኋላ እናቴ ወጥ ቤት ገባች። እኔ ጣሳዎቹን የማነሣ መስዬ በር ላይ ቀረሁ።

«ለሌላው ይስጠው» አለ ቶክታስን። «እኔ አልከፋም።»

«ትዋሻለህ። ውሸት የሚያምርብህ ፊልም ላይ ነው፣ ቤት ውስጥ አትችልበትም።»

«ታዲያ ምን ላድርግ?»

«አትሙት።»

«አልሞትም፣ እናቴ። ተኝቼ እነሣለሁ። ሾርባ ይሰጡኛል።»

«እነዚያም አንሞትም ብለውኝ ነው የሄዱት» አሉ አፓ። «ያኛውን ሽፍታ ስትሆን አንተ አይደለህም። ይኼን ለብሰህ ግን አንተ ነህ። እነሱም ናቸው። ፊትህን እንደዚያ ሆኖ ካየሁት በሦስታችሁም ላይ ተስፋ መቁረጤ ነው።»

 ከዚያ ቶክታስን ጎንበስ ብሎ ጆሯቸው ላይ አንድ ነገር ነገራቸው። የሰማሁት ጫፍ ጫፉን ነው፦ «...አንድ ጊዜ። ሌላው አያየውም። አንቺ ግን ታዪዋለሽ።» አፓ ትክ ብለው አዩት። «ይቆጡሃል» አሉት። «ይቆጡ» አለ።

መዳፋቸውን ዘረጉ።

ነጭ የሐር ሻርፕ ሊገዛላቸው ቃል የገባ መሰለኝ። ለጓደኞቼም እንደዚያው አወራሁ፤ «አፓ በሻርፕ ተሸነፉ» ብዬ።

ፊልሙን የካቲት ውስጥ ከከተማው በላይ ያሉት ተራሮች ላይ ቀረጹት። ቶክታስን «ምሥራቹን ያመጣሽው አንቺ ነሽ፣ ፍጻሜውንም እዪው» ብሎ በስቱዲዮው አውቶብስ ይዞኝ ሄደ። ለሞስኮ ሜዳ የሚሆን ጠፍጣፋ ቦታ አግኝተው ነበር፤ ማንም ያልረገጠው በረዶ። በዙሪያው ሰው ሁሉ በጠርዙ ይሄዳል፣ እንዳያበላሸው።

አንድ ነገር ላስረዳ። በብርድ ቀን ሬሳ መሆን አስቸጋሪ ነው፤ ትንፋሽ ይታያል። ስለዚህ ሟቹ ካሜራው ከመነሣቱ በፊት በረዶ ቆንጥሮ አፉ ውስጥ ይይዛል፤ አፉ ሲቀዘቅዝ ትንፋሹ እንፋሎት አያወጣም። ይህን ዘዴ ለግቢያችን ልጆች በሙሉ ያስተማረን ቶክታስን ነው። የብርዱን ወራት ሁሉ አፋችን በረዶ ሞልተን ስንሞት ነበር የምንውለው።

ፈንጂው ፈነዳ፣ ሮጠ፣ ወደቀ። እንዴት ያለ አወዳደቅ ነበር፤ አወዳደቁ እንኳ ከሽፍታነቱ የተለየ፣ ድካም ያለበት። ከዚያ አቆሙና ካሜራውን ወደ ፊቱ አስጠጉ። አንዲት የስቱዲዮው ልጅ በረዶ አጎረሰችው። ሳፓርጋሊ «ጸጥታ» አለ። እኔ ከካሜራው ጎን ተንበርክኬ ነበርና የማንም ዐይን ሳያርፍበት ቶክታስን ጉንጩን ወደ ኮሌታው አስጠግቶ በረዶውን ሲተፋው አየሁ።

ጀመሩ። ዐይኑ ተከድኗል፣ ፊቱ ድንጋይ ነው፤ ከከንፈሩ ዳር ግን ቀጭን ነጭ እንፋሎት ብቅ አለች። አንዴ። የፀጉር ያህል።

«ቁም» ሲባል ካሜራ አንሺው «እኔ ጭስ አይቻለሁ» አለ።

«የምን ጭስ?» አለ ሳፓርጋሊ።

ሬሳው ተነሥቶ ተቀመጠ። «የፈንጂው ነዋ» አለ ረጋ ብሎ። «ገና አልጠፋም።»

ሳፓርጋሊ ፀሐይዋን አየ፤ ተራራው ጀርባ ገብታለች። በረዶውን አየ፤ በወታደሮቹ ቦት ጫማ ተቦክቷል። እዚህ የማልጽፈውን ተናግሮ «እቃ ሰብስቡ» አለ።

አውቶብሱ ውስጥ «አጋ፣ በረዶውን ሲተፉ አየሁዎ» አልኩት።

በመስኮት ወደ ውጭ ያይ ነበር። «አርጅቻለሁ፣ ቶርግን። ሰው ሲያረጅ ይሳሳታል። ለማንም አትናገሪ።»

አልተናገርኩም። ቤት ገብቼ ትራሴ ላይ አለቀስኩ። ያን ሁሉ ዓመት ያለ ስሕተት የሞተ ሰው፣ አገር በሚያየው ቀን እንደ ጀማሪ ሲተነፍስ ያዩታል፤ አበቃለት ብዬ።

ፊልሙ በፀደይ ወጣ። አፓ በሕይወታቸው ለመጀመሪያ ጊዜ የልጃቸውን ፊልም ሊያዩ ነጩን ሻሻቸውን ጠቅልለው፣ የብር ቁልፍ የጎደለውን ሰደርያቸውን ለብሰው መጡ። በእኔና በእናቴ መሐል ተቀመጡ። ሽፍቶቹን ሁሉ የሚያውቅ ሕዝብ ወታደሩን ሲያይ መጀመሪያ ሳቀ፤ ቆይቶ ዝም አለ፤ በኋላ ከየወንበሩ የአፍንጫ ድምፅ ይሰማ ጀመር። ከዚያ ያ ፊት ስክሪኑን ሞላ። እናቴ መሐረቧን አፏ ላይ ያዘች። ፊት ለፊታችን የተቀመጠ ደረቱ ሜዳልያ በሜዳልያ የሆነ ሰውዬ ትከሻው ይነሣል፣ ይወርዳል።

አፓ መርፌ ውስጥ ክር እንደሚያስገባ ሰው ወደ ፊት ሰገግ ብለው ነበር። እንፋሎቷ ወጣች። አይቻት ዐይኔን ጨፈንኩ፤ አሁን ይስቁበታል ብዬ። ማንም አልሳቀም። አፓ ወደ ኋላቸው ተደግፈው ረጅም ትንፋሽ ተነፈሱ፤ ከእጅጌያቸው የደረቀ አይብ አወጡና አንዱን ለእኔ ሰጥተው አንዱን መምጠጥ ያዙ። ሰው ሁሉ ሲያለቅስ እሳቸው አይብ ይመጥጣሉ። ልባቸው ድንጋይ ነው አልኩ።

ያ ፊልም ዛሬም በድል በዓል ቀን በቴሌቪዥን ይታያል፤ የት ላይ ማየት እንዳለብኝ ስለማውቅ ሽንኩርቴን ትቼ እቆማለሁ። ከሁሉ የተሻለ ሬሳ የነበረው ሰው በሕይወቱ ምርጡን ሞት አውቆ ነው ያበላሸው፤ በዚያ ሁሉ ሕዝብ መሐል ለምትቀመጥ አንዲት ሴት ብሎ። ሥራውም አላበቃለትም። ከዚያ ወዲህ ሽፍታነት ቀርቶ አባት ሆነ፣ የእርሻ ሊቀ መንበር ሆነ፣ በአንዱ ላይ ሚኒስትር ሳይቀር ሆኗል፤ ሥጋ ሻጩ ግን መፍራቱን ትቶ አጥንት ይመዝንለት ጀመር። አፓ ሁለቱን ልጆቻቸውን እስከ መጨረሻቸው አላለቀሷቸውም። የሁለቱ ትንፋሽ ሲቆም ያየ ሰው አልመጣላቸውም።

መብራቱ ሲበራ ሕዝቡ ቶክታስንን ከበበው። ሳፓርጋሊ አበባ ታቅፎ፣ ከባለ ሥልጣናቱ መሐል ወጥቶ ወደ አፓ መጣና እጃቸውን በሁለት እጁ ያዘ። ጎንበስ ብሎ፣ ሌላ ሰው እንዳይሰማው አድርጎ ነው የተናገረው፤ እኔ ግን ቁመቴ እዚያው ላይ ነበር።

«እናታችን፣ ፊልሙን የቆረጥኩትና የቀጠልኩት እኔ እንደ ሆንኩ ይወቁልኝ» አለ። «እንፋሎቷን አይቻታለሁ። ማውጣት እችል ነበር፣ ተውኳት። ግን እስቲ ይፍረዱኝ፤ የሞተ ሰው ይተነፍሳል?»

አፓ አይቡን ከአንድ ጉንጫቸው ወደ ሌላው አዞሩት።

«ታዲያ ታፍኖ ይሙት?»